«ኖር» ያልናት ተዋናይ

ባለፈው ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ከአሥር ደቂቃ ላይ፣ ኤቫ የምትባል የቤልቪው ነዋሪ እዚህ ሲያትል ማውንት ቤከር ባቡር ጣቢያ አጠገብ አግኝታኝ አንድ ያረጀ የቲያትር ጽሑፍ አስረከበችኝ። ጽሑፉ አምና ያረፈችው የእናቷ፣ የፖላንዳዊቷ ተዋናይ የሃሊና ነው። በአንዱ ገጽ ኅዳግ ላይ በእርሳስ የተጻፈ አንድ መስመር አለ። ኤቫ ተረጎመችልኝ። የምሳፈርበት ባቡር መጥቶ ሲሄድ አላየሁትም።

ሃሊናን ያገኘኋት የሃያ አራት ዓመት ወጣት ሳለሁ ነው። በሳምንት አንድ ቀን በሚተላለፍ የአማርኛ ሬዲዮ ዝግጅት ላይ በነጻ እሠራ ነበር። ሃሊና ልጇን ኤቫን ልትጠይቅ ሲያትል እንደመጣችና በአንዲት ትንሽ ቲያትር ቤት እንደምትጫወት ስሰማ እንቅልፍ አጣሁ። ያጣራሁትን ሁሉ በማስታወሻ ደብተሬ ይዤ ነበር። ክራኮው ተወለደች፤ እናቷ የቲያትር ልብስ ሰፊ ነበረች። በአሥራ ሰባት ዓመቷ የታመመች ተዋናይ ተክታ መድረክ ወጣች፤ ከዚያም በፊልም ስሟ ገነነ። የፖላንድ መንግሥት ወታደራዊ አዋጅ ሲያውጅ «በእነሱ ቴሌቪዥን ፊቴን አላሳይም» ብላ በቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት በሻማ ብርሃን ትጫወት ነበር። ደርግን ላየ ሰው ይህ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ከዚያ ወዲህ ለጋዜጠኛ ቃል ሰጥታ አታውቅም።

የዝግጅቱ ኃላፊ ጋሽ ታምራት ቁርጡን ነገሩኝ። «ድምጿን ካመጣህ የባህል ሰዓቱ ያንተ ነው። ካላመጣህ መቅረጫ ቴፑን መልስና ሌላ ሥራ ፈልግ።»

መንጃ ፈቃድ ስላልነበረኝ የወሰዱኝ አክስቴ እትዬ አስካለ ናቸው። መስከረም ነበር፤ አገር ቤት ዝናቡ ሲያባራ እዚህ የሚጀምርበት ወር። የመኪናው የዝናብ መጥረጊያ እየተንቋቋ መንገዱ ሁሉ ያብረቀርቃል።

«የት ፓርክ ላድርግ? ደግሞስ ስንት ሰዓት ይፈጃል?»

«ሁለት ሰዓት ነው እትዬ።»

«ሁለት ሰዓት ሙሉ ሰው ሲዋሽ ልስማ? ኦኬ፣ ግድ የለም፤ ቆሎ ይዣለሁ።»

የፊተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። መድረኩ ላይ አንድ ባልና ሚስት ሾርባ ይጠጣሉ። በሩ ተከፈተና ሃሊና ገባች፦ ጥቁር ሻሽ፣ ምርኩዝ፣ ከጦርነት በኋላ ወደ ገዛ ቤቷ የተመለሰች አሮጊት። ባልና ሚስቱ፣ ልጇና ምራቷ፣ ቀና ብለው አይተዋት መብላታቸውን ቀጠሉ።

«እነዚህ ባለጌዎች አይነሱም እንዴ?» አሉ እትዬ አስካለ። ከዚያ ብድግ አሉና ጮክ ብለው «ኖር!» አሉ። እኔም ቆሜ ነበር። መቆሜን ያወቅሁት ቴፑ ከጉልበቴ ላይ ሲወድቅ ነው።

ልጇን የሚጫወተው ሰውዬ ማንኪያው አፉ አጠገብ ቀረ። ሃሊና ዞር ብላ አየችን። እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ አንገቷን ዝቅ አደረገች፤ በመዳፏም እንድንቀመጥ ጠቆመችን። ከዚያ ወደ ማዕዱ ዞረችና የተቀመጡትን ሁለቱን አየቻቸው። ሰውዬው ማንኪያውን አስቀመጠ። ከኋላዬ አንዲት ሴት ስታለቅስ ሰማሁ።

እኔ ግን ማሰብ የቻልኩት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ቲያትሩን አበላሸን፣ ሥራዬም አበቃ። መጋረጃው ሲወርድ አንድ ሠራተኛ መጥቶ «እናንተ ሁለታችሁ፣ ትፈለጋላችሁ» ሲለን ቴፑን ይዤ ከእትዬ ጋር ተከተልኩት።

ሃሊና በመልበሻ ክፍሏ መስታወት ፊት ተቀምጣ የመድረክ ቅባቱን ከፊቷ ትጠርጋለች፤ ግማሹ ፊት አሮጊት፣ ግማሹ የራሷ። «ለምን ተነሳችሁ?» አለች በእንግሊዝኛ። ለእትዬ ተረጎምኩላቸው።

«ትልቅ ሰው ሲገባ ቁጭ ይባላል እንዴ? ምን ያለ ጥያቄ ነው!» አሉ እትዬ አስካለ።

ይህንንም ተረጎምኩ። ሃሊና ሳቀች፤ እስክታስል ድረስ ሳቀች። ከዚያ ወደ ቴፑ ጠቆመችና «አብራው» አለችኝ። ቁልፉን ሁለት ጊዜ ሳትኩት። ካሴቱ እስኪያልቅ አወራች። በንግግሯ መካከል ቆሎ ሲቆረጠም ይሰማል፤ እትዬ ያካፈሏትን የምትቆረጥመው ራሷ ናት።

የባህል ሰዓቱ የእኔ ሆነ። ቃለ ምልልሱን ሳስተላልፍ ግን መነሳታችንን አልተናገርኩም፤ አፍሬ ነበር። ያየሁትን አውቄ ያስቀረሁት በሙያ ዘመኔ ያን ጊዜ ብቻ ነው።

የእርሳሱ ጽሑፍ እንዲህ ይላል፦ «እዚህ ላይ ከተመልካቹ መካከል ሁለት ሰዎች ተነስተው ይቀበሏታል።» ኤቫ እንደነገረችኝ እናቷ ክራኮው ተመልሳ ቲያትሩን ለዓመታት የተጫወተችው እንደዚህ አድርጋ ነው። ለእትዬ አስካለ ደውዬ ይህን ነገርኳቸው። ሰማንያ አልፏቸዋል። «ታዲያስ! መማር ጥሩ ነው» አሉና ራት ላይ ስለነበሩ ዘጉት።

በአንድ ምንጭ አልጽፍም። ረቡዕ ዕለት ክራኮው ቲያትር ቤቱ ደውዬ የመድረክ ኃላፊዋን አገኘኋት። ቲያትሩ ዛሬም በሌላ ተዋናይ ይታያል፤ ሁለቱ ተነሺዎችም አሉ። እንደነገረችኝ፣ ከመደወሌ በፊት በነበረው ቅዳሜ ሁለቱ ሲነሱ አዳራሹ በሙሉ ተነስቷል።