የፍራው ሽሚት ብስክሌትና የቢቸና ሽማግሌዎች

በወጣሁበት ቀን ዋዜማ ምሽት ቢቸና መብራት ጠፍቶ ነበር። ይህን የምነግራችሁ አንጀታችሁን ለመብላት አይደለም፤ ሻንጣዬን በሻማ ስሸክፍ የሁለት ጥንድ ጫማ ግራ ግራውን ብቻ ይዤ ጀርመን የገባሁ ሰው መሆኔን ከወዲሁ እንድታውቁልኝ ነው። ቀኝ ቀኞቹ እስካሁን እናቴ አልጋ ሥር አሉ። ስመለስ እንድጫማቸው ብላ በጨርቅ ጠቅልላ አስቀምጣቸዋለች።

ቤቱ በሸኚ ተሞልቶ ነበር፤ ሁሉም ምክር ይዞ ነው የመጣው። ቄስ ሞገስ ጾም እንዳልሽር መከሩኝ። አክስቴ ደግሞ ባለቤቴ ሰብለ አጠገቤ ተቀምጣ ሳለ ፈረንጅ እንዳላገባ አስማለችኝ። ኮሌጅ ያስተማርኩት አንድ ልጅም ሊሰናበተኝ መጥቶ ነበር። የማስተምረው የወንጀልና የማፈንገጥ ሶሲዮሎጂ ስለነበር፣ ክፍል ውስጥ የጫናን ንድፈ ሐሳብ በስሜት ስተነትን ያውቀኛል፤ ማኅበረሰቡ ግቡን ያሳይሃል፣ መንገዱን ግን ይዘጋብሃል፣ ያኔ አንዱ ይሰርቃል፣ ሌላው ተስፋ ቆርጦ በልማድ ብቻ ይኖራል፣ አንዱ ሁሉን ትቶ ይሸሻል፣ ሌላው ያምፃል የሚለውን። ልጁ ታዲያ እርስዎ የትኛው ውስጥ ነዎት አለኝ። መጽሐፉ ቪዛ ስለደረሰው ሰው አይናገርም ብዬ አለፍኩት። ሰው ሳቀ፤ ሰብለ አልሳቀችም።

አባቴ አቶ ፈንቴ የታወቁ አስታራቂ ናቸው። የተጣሉ ባልና ሚስት፣ በድንበር የተካሰሱ ገበሬዎች፣ ፍርድ ቤት ከመሄዳቸው በፊት የእኛን በረንዳ ይረግጣሉ። እዚያ በረንዳ ላይ የቀረበ ሰው ጎንበስ ብሎ በመጀመሪያ የሚለው «አጥፍቻለሁ» ነው። ያጥፋ አያጥፋ በኋላ ቀስ ተብሎ ይጣራል። ቁጣው ይበርዳል፣ «ይቅር ብያለሁ» ይባላል፣ ይመረቃል፣ ሰው ወደ ቤቱ ይገባል። እኔም ተማሪዎቼን ሰውን የሚያባርር ማሳፈር አለ፣ ሰውን ወደ ማኅበሩ የሚመልስ ማሳፈር አለ እያልኩ ሳስተምር ምሳሌዬ ያ በረንዳ ነበር። አባቴ የዚያን ምሽት ወደ ጓዳ ጠሩኝና ምክራቸውን ሰጡኝ።

«በሰው አገር እንዳትሟገት። የተቆጣ ሰው ካየህ ቀድመህ አጥፍቻለሁ በል። የቀረውን ሽማግሌ ይጨርሰዋል።»

ጀርመን ውስጥ ሽማግሌውን ከየት እንደማመጣ አልጠየቅኋቸውም።

በማግስቱ ከሰብለ ጋር ሞጣ ገባን። እሷ ሞጣ ሒሳብ ታስተምራለች፤ እኔ ከዚያ በባሕር ዳር ሚኒባስ መቀጠል ነበረብኝ። መናኸሪያው ውስጥ ረዳቱ ሻንጣዬን ከዶሮና ከጤፍ ማዳበሪያ ጋር ሲያስር እሷ ፊቷን ወደ ሌላ አዙራ ቆመች። ብዙ አልቆይም፣ እወስድሻለሁ አልኳት። የአባቴ ምክር ትዝ አለኝና «አጥፍቻለሁ፣ ይቅር በይኝ» አልኳት። መልስ የለም። ሚኒባሱ ሞተር አስነሣ፤ እኔም ይቅርታ ሳላገኝ ሄድኩ።

ጀርመን የሄድኩት ለአውስቢልዱንግ ነው፤ እየሠሩ ሙያ መማር ማለት ነው። ሙያው አረጋውያንን መንከባከብ ነው። የማፈንገጥ ሶሲዮሎጂ መምህሩ፣ በሰው ፊት ካልሲ ማውለቅ የሚያፍረው ሰውዬ፣ የማላውቃቸውን ሽማግሌዎች ገላ አጥባለሁ። ባልንጀርነት ወንጀል ያስተምራል የሚል ንድፈ ሐሳብም አስተምር ነበር። የእኔ ባልንጀሮች ዕድሜያቸው የትየለሌ ስለሆነ እስካሁን ከእነሱ የተማርኩት ነርሷ ሳታይ ስኳር ኪስ ውስጥ መደበቅን ብቻ ነው።

ደግሞ ሰው ወንጀል የማይሠራው የሚያውቀው ሰው ስላለ ነው የሚል አለ። ሞጣ ገበያ ላይ ምራቄን ብተፋ እናቴ ከማታ በፊት ትሰማለች። እዚህ የማን ልጅ እንደሆንኩ የሚያውቅ ስለሌለ ራሴን መጠርጠር ጀመርኩ። መኪና ባልነበረበት መንገድ ቀይ መብራት አክብሬ በዝናብ ቆሜያለሁ። የአገሩ ዝናብ እንደ ቢቸና ክረምት ዘንቦ፣ ጮኾ፣ አባርቶ ፀሐይ አያወጣም፤ ቀኑን ሙሉ እንደ ኩርፊያ ነው። ለእራት ቀዝቃዛ ዳቦ በቀዝቃዛ አይብ ይበላሉ። መጀመሪያ ሳይ ለቅሶ ቤት የገባሁ መስሎኝ ድምፄን ዝቅ አድርጌ ነበር።

አከራዬ ፍራው ሽሚት ባሏ የሞተባት ሴት ናት፤ ከምድር ቤቱ በላይ ትኖራለች፣ እኔ ከእሷ በላይ። ጀርመን ሲወቅስህም በአንቱታ ነው፤ አቶውን ሄር፣ ወይዘሮዋን ፍራው ብሎ። አንድ ቀን በሬን አንኳኩታ፦

«ሄር ይበልጣል፣ የሻይ ቅጠልዎን ለፕላስቲክ በተለየው ቢጫ ቆሻሻ ማጠራቀሚያ ውስጥ አገኘሁት» አለችኝ።

«የእኔ መሆኑን በምን አወቁ?»

«እዚህ ቤት ሌላው ሁሉ ቡና ነው የሚጠጣው።»

የቡና አገር ሰው በሻይ ተያዝኩ። አጥፍቻለሁ አልኳት፤ ደስ ብሏት ወረደች። የአባቴ ምክር ጀርመን ውስጥም ይሠራል ብዬ አሰብኩ፤ ጥፋቴ እዚያ ላይ ነው።

ከዚያ የሟቹ ባሏ ብስክሌት ከምድር ቤቱ ጠፋ። ማንም የማይነዳው፣ እሷ ግን በየሳምንቱ የምትወለውለው ብስክሌት ነው። ከሥራ ስመለስ ደረጃው ላይ ከአንድ ወጣት ፖሊስ ጋር ቆማለች፤ ዓይኗ ቀልቷል። ሰሞኑን ወደ ምድር ቤቱ የወረድኩት እኔ ብቻ እንደሆንኩ እየተናገረች ነው። እንግዲህ ፍረዱኝ፤ እናቴን የምታህል ሴት እንዲህ ተቆጥታና አዝና እያየሁ «እኔ ምን አገባኝ» ልበል? የአስተዳደጌን አደረግሁ። ጎንበስ ብዬ ጉልበቷን ለመሳም እጄን ዘረጋሁ። እሷ ዘላ ወደ ግድግዳው ተለጠፈች፤ ፖሊሱ እጁን ወደ ቀበቶው ላከ። እኔ ግን እንደጎነበስኩ በጠራ ጀርመንኛ፣ ሰዋስዉ አንዳች ሳይጎድለው፣ ጥፋቱ የእኔ ነው፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ አልኩ።

ፖሊሱ የት እንደሸጥኩት ጠየቀኝ።

«ምኑን?»

«ብስክሌቱን።»

«ብስክሌት አልነካሁም።»

«አሁን ጥፋቱ የእኔ ነው አላሉም?»

«ብያለሁ።»

«የምኑ ጥፋት?»

አሰብኩና «የመቆጣታቸው» አልኩት።

ፖሊሱን በሥልጠናው ላይ እንዲህ ያለ ሰው አላጋጠመውም መሰለኝ። የተናገርኩትን ሁሉ ጻፈ፤ የስርቆት ምርመራም ተከፈተብኝ።

እዚህ ላይ መሳቁን አቆምኩ። የሰብለ ጉዳይ የውጭ ዜጎችን በሚያስተናግደው ቢሮ ተይዞ ነበር፤ እሷን ለማምጣት እኔ ንጹሕ መሆን አለብኝ። ቢሮ ስሄድ ሠራተኛዋ በትህትና፣ ምርመራው ሳይዘጋ የባለቤትዎን ጉዳይ አንነካም አለችኝ። ነገሩ የባህል ጉዳይ ነው፣ እኔ ራሴ የዘርፉ መምህር ነኝ ብዬ ማስረዳት ጀመርኩ። ሴትዮዋ የወንጀል መምህር ነኝ ያልኩ ያህል ደነገጠች።

ሰው ሌባ የሚሆነው ሲሰርቅ ብቻ አይደለም፣ ሌባ ሲባልም ነው እያልኩ አስተምር ነበር። ፍረጃ ይባላል። ተማሪዎቼ ሲያንቀላፉ እናደድ ነበር፤ አሁን በአካሌ ተማርኩት። ሱቅ ስገባ እጄን ከኪሴ አውጥቼ እንደ እጅ ሰጭ ይዤ እዞራለሁ። ምንም ሳልገዛ መውጣት ስለምፈራ ቤቴ በማልበላው ሰናፍጭ ተሞላ። ደረጃው ላይ ፍራው ሽሚትን ስሰማ በጣቴ ቆሜ እራመዳለሁ፤ እንዲህ የሚራመድ ሰው ሳይ እኔም ፖሊስ እጠራለሁ።

ብስክሌቱ ተገኘ። ልጇ ሊያስጠግንላት ወስዶት፣ መንገር ረስቶ ኖሯል። ፍራው ሽሚት ራሷ ፖሊስ ጣቢያ ሄዳ አስረዳች፤ ለእኔም የፖም ኬክ ይዛ መጣችና አዝናለሁ ብላ ቶሎ ወረደች። የምርመራው መዝገብ ግን እንደ ብስክሌቱ ቶሎ አይመለስም፤ ከአቃቤ ሕግ ደብዳቤ እስኪመጣ ጠብቁ ተባልን።

ያን ሳምንት ለአባቴ ደውዬ ሁሉንም ነገርኳቸው። እስከ መጨረሻው ሰሙኝ።

«አጥፍቻለሁ ካልህ በኋላ ሴትዮዋ ይቅር ብያለሁ አለችህ?»

«አላሉም። ግን ብስክሌቱ ተገኝቷል እኮ፣ አባባ።»

«እኔ ስለ ብስክሌት አልጠየቅሁህም። ይቅር ካላለች ነገሩ አላለቀም። ልጄን በሰው አገር አጥፍቻለሁ እንዳለ አንጠልጥዬ አልተወውም። እሑድ እንደውላለን።»

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የእኛ በረንዳ ላይ ተሰበሰቡ። ለተሰበሰበው ሁሉ ድምፅ የሚያሰማው ስልክ የሰብለ ስለሆነ እሷ ከሞጣ በግንደወይን አድርጋ መጥታለች። እኔ ስልኬን ይዤ የፍራው ሽሚትን በር አንኳኳሁ። ጀርመን ውስጥ በእሑድ በር ማንኳኳት ራሱ ማፈንገጥ ነው፤ ልብስ እንኳ በማሽን አይታጠብም። ከቢቸና የመጣው ድምፅ ግን ደረጃውን ሞላው፤ አባቴ ሩቅ አገር ስለሆነ መጮህ አለብን ብለዋቸው ኖሯል። ጎረቤቱ ሁሉ በሩን ከፈተ።

ቄስ ሞገስ ናቸው የተናገሩት። «እመቤቴ፣ ልጃችን በእርስዎ ደጅ ነው ያለው። ቢያጠፋም ልጅ ነው፣ ባያጠፋም ልጅ ነው። እኛ ሽማግሌዎቹ ቆመን እንለምንዎታለን፤ ስለ እኛ ሲሉ ይቅር ይበሉት።»

ተረጎምኩላት። እውነት ቆመው ነው ወይ አለችኝ። አዎ፣ እርስዎ ይቅር ካላሉ አይቀመጡም አልኳት። ፍራው ሽሚት የበሩን መዝጊያ ይዛ ቆየች፤ ዓይኗ እንባ ሞላ።

«ናይን» አለች፤ አይሆንም ማለቷ ነው። «እርስዎ ምንም አልወሰዱም። ይቅር ብያለሁ ካልኩ ወስደዋል ማለቴ ነው። ለእነዚህ ሰዎች ውሸት አልናገርም።»

ጀርመን ከገባሁ ወዲህ የተባለልኝ ትልቁ ክብር ይህ ነው፤ ልተረጉመው ግን አልቻልኩም። አባቴ ከዚያ ማዶ «ምን አለች?» ይላሉ። እዚያ የቆሙት ሽማግሌዎች ታዩኝ፤ የአንዱን ጉልበት ሕመም አውቀዋለሁ።

«ይቅር ብያለሁ ብለዋል» አልኩ።

እልልታ አይሁን እንጂ ቤቱ ተናጋ። ቄስ ሞገስ እሷን፣ ልጇን፣ ብስክሌቱን ሳይቀር መረቁ። ፍራው ሽሚት ምን እንደሚሉ ጠየቀችኝ፤ ዕድሜ ይስጥዎት ነው የሚሉት አልኳት። ስልኩን ጎንበስ ብላ አመሰገነች። ይህን ሁሉ ንድፈ ሐሳብ አስተምሬ፣ በሕይወቴ አስቤበት ያፈነገጥኩት አባቴን በመዋሸት ሆነ።

ክፍሌ ገብቼ በሩን ስዘጋ ስልኩን ሰብለ ብቻዋን ይዛው ነበር። ለቪዛው ፈተና ብላ፣ ሞጣ ኔትወርክ በመጣ ቁጥር ጀርመንኛ ስትማር መክረሟን ያመቻቸሁላት እኔ ራሴ ረስቼው ነበር።

«ናይን ነው ያለችው» አለችኝ በቀስታ።

«ለአባባ ነገርሻቸው?»

«ምን ብዬ? እየሳቁ ነው የወጡት።» ቀጥላም «የእኔስ ጉዳይ?» አለች።

«ጠብቁ ነው የሚሉት።»

«ዋርተን፣ መጠበቅ» አለች፣ ፍራው ሽሚት እንኳ በማታርመው አነጋገር። «እሱን ቃል ያወቅሁት ሳልማር ነው።»

አጥፍቻለሁ፣ ሰብለ አልኳት፤ ይህኛው ከአባቴ ምክር የመጣ አልነበረም።

«ሞጣ መናኸሪያ ላይም ብለኸኛል፣ ሰምቼሃለሁ» አለች። «እኔ መልሱን የምሰጥህ እዚያው መጥቼ ነው። እስከዚያ አንተም ጠብቅ።»