ዕንባቆም የተናዘዘው

ዕንባቆም ቦኖሻ ከተማ ውስጥ የደበቀው ልጅ አለው ተባለ። ወሬውን ያመጣችው ሙሉወርቅ ናት። ቅዳሜ ለኑዛዜ ከኋላው ተሰልፋ ነበር፤ እሱ ግን አባ ፊት እንደተንበረከከ አንድ ሰዓት ሊሞላው ምንም አልቀረው። «የእኔ የዓመት ኃጢአት እንኳ አምስት ደቂቃ አይፈጅም» አለች፤ ይህን የምታምነው ራሷ ብቻ ናት። ወሬው ከቤተ ክርስቲያን ደጅ ተነስቶ ባጃጅ ተራ ሲደርስ ልጁ መንታ ሆነ። በገበያ ቀን ደግሞ የአንደኛው ጥርስ በቅሏል።

ልጅ የለውም። ሰውዬው ሙዚቃ አቀናባሪ ነው። ሆሳዕና ከተማ፣ አባቱ ጓሮ ባለች አንዲት ክፍል፣ ግድግዳውን በእንቁላል ካርቶን ለብጦ ዘጠኝ ዓመት መዝሙር ሲቀዳ ኖሯል። ኑዛዜውን ያስረዘመው፣ አባ ሶፍትዌር ምን እንደሆነ፣ ክራክ ምን እንደሆነ አንድ በአንድ ስለጠየቁት ነው።

ነገሩ የጀመረው ዱራሜ በሚሄድ ሚኒባስ ውስጥ ነው። እሱ ባቀናበረው ሙዚቃ ላይ የማያውቀው ሰው ሲዘፍንበት ሰማ። ቢያጠያይቅ ሙዚቃውን ወስዶ የሰጠው ሚክያስ ሆኖ ተገኘ፤ ከመንገዱ ማዶ ስቱዲዮ ያለው። ሊጣላው ሄደ።

«ሥራዬን ሰረቅከኝ።»

«እንዴ ዕንቤ፣ አንተ የምትሠራበትን ፕሮግራም ማን ሸጠልህ?»

«በፍላሽ ነው ያመጣሁት፤ ከአዲስ አበባ።»

«ታዲያ እኔም በፍላሽ ነው።»

ዕንባቆም ክራክ የሚባለው ነገር የመጫኛው የመጨረሻ ደረጃ ይመስለው ነበር እንጂ የሰው ቁልፍ ሰብሮ መግቢያ መሆኑን አላወቀም። ከተማው ውስጥ ፕሮግራም ሲገዛ ያየ ሰው አልነበረማ።

ይህንኑ ሲናዘዝ አባ ሰምተው ሰምተው፣ «ልጄ፣ በሰረቅከው በሬ እያረስክ ይቅር በለኝ አይባልም። መጀመሪያ በሬውን ፍታ» አሉት።

ፈታው። የሰረቀውን ፕሮግራም ሁሉ አጠፋ። ልግዛ ቢል የባንክ ካርዱን ድረ ገጹ አልቀበልም አለው። ናይሮቢ ያለች የአክስቱ ልጅ በስሙ እስክትገዛለት ሁለት ወር በነፃ በሚሰጥ ፕሮግራም ሠራ። የተገዛውም ርካሹ፣ ትንሹ ነው፤ ከተማው የለመደው ያ የሚያለቅስ የቫዮሊን ድምፅ የለበትም። ደንበኛ አንድ በአንድ ወደ ማዶ ተሻገረ። የቀረው አንድ ትልቅ ሥራ ነው፤ የቁምስናው፣ የአባ ቤተ ክርስቲያን፣ መዘምራን የመጀመሪያ አልበም። ይህም ሥራ ከሄደ ክፍሏ የድንች መጋዘን ትሆናለች። አባቱ ከወዲሁ በበሩ ጥግ ሁለት ጆንያ አስቀምጠዋል።

ባለፈው ማክሰኞ መዘምራኑ መጡ። መሪያቸው ትዝታ የሠራውን አዳመጠች።

«ዕንቤ፣ ቫዮሊኑ የታለ?»

«የለኝም። ከበሮውንና ጭብጨባችሁን ልቅዳ፤ ያምራል።»

«ጭብጨባማ ቤታችንም አለ። ያንን አሮጌውን ለእኛ ብቻ መልሰህ ጫነው። የእግዚአብሔር ሥራ እኮ ነው።»

«አባስ ምን ይላሉ?»

«አባ ቫዮሊን ይወዳሉ።»

ሳቁ። እሱም ሳቀ።

«ካልሆነ ማዶ መሄዳችን ነው» አለች ትዝታ፤ ነገሩ ያለቀ መስሏት ከቦርሳዋ ወረቀት አወጣች። «በል፣ ጫነውና መጀመሪያ ይቺን እንቅዳ።»

አልበሙ ሲከፈት የሚነበብ ማስጠንቀቂያ ነው። ያለ መዘምራኑ ፈቃድ ማባዛትም ሆነ በቴሌግራም መላላክ በሕግም በእግዚአብሔርም ፊት ያስጠይቃል ይላል። አምና አንድ መዝሙራቸው ከስልክ ስልክ ተገልብጦ ሀቢቾ ድረስ ስለዘለቀ፣ በዚህ ጉዳይ ቀልድ አያውቁም።

ዕንባቆም ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበው። ከዚያ አሥራ ሁለቱን መዘምራን ጠየቀ፦

«ይቺን በየትኛው ልቅዳት? በገዛሁት ነው፣ በሰረቅኩት?»