ዋቅቶላ ልብ ወለድ ለሽምግልና ያቀረበ ጊዜ

ጉደር ላይ እንግሊዝኛ የሚያስተምር ሰው ሞልቷል። ደወል ሲደወል ተማሪው "ትንሽ ይቆይ" የሚልለት ግን ዋቅቶላ ብቻ ነው። ሰውየው አጭር ነው፣ ኮቱ ረጅም ነው፤ ሲገዛው ገና አድጋለሁ ብሎ ሳይሆን አይቀርም። ሃያ ሁለት ዓመት ጠመኔ ይዞ ሲቆም አንድ ቀን ተማሪ ላይ ጮኾ አያውቅም። የረበሸውን ልጅ ዝም ብሎ ያየዋል፤ ልጁ ራሱ ይጨንቀውና ይቀመጣል።

የተወለደው ሸነን ነው። በተማረበት ትምህርት ቤት አንድ የእንግሊዝኛ ታሪክ መጽሐፍ ነበር። ሽፋን የለውም። የመጨረሻዎቹ ሃያ ቅጠሎችም የሉም፤ ለምን ሥራ እንደዋሉ የሚያውቀው የትምህርት ቤቱ ሽንት ቤት ነው። ሌላ ልጅ ቢሆን መጽሐፉን ይተወው ነበር። ዋቅቶላ ሰባት መጨረሻ ሠራለት። በአንዱ ንጉሡ ይሞታል፣ በአንዱ ንጉሡ ሸነን መጥቶ ገብስ ይገዛና በዋጋው ሲከራከር ይመሻል። ከዚያ ወዲህ መጽሐፍ በእጁ ሲገባ መጀመሪያ የሚያየው ያለውን ሳይሆን የጎደለውን ነው። ይህ አመል በኋላ ጠቅሞታል፤ መጀመሪያ ግን አስለቅሶታል።

በ2008 አምቦ የክረምት ማስተርስ ጀመረ። ከጉደር አምቦ በሚኒባስ ምንም አይደለም፤ ትምህርቱ ግን ስድስት ክረምት ፈጀ። አንዱን ክረምት የመንገድ መዘጋት በላው፣ አንዱን ኮሮና። የቀሩትን የበላው የመመረቂያ ጽሑፉ ነው። ርዕሱ ቅኝ የተገዙ አገሮችን የሚመለከቱ የእንግሊዝኛ ልብ ወለዶችን ማወዳደር ነበር። ምሁራኑ ይህን ነገር "ድኅረ ቅኝ ግዛት ንጽጽራዊ ንባብ" ይሉታል። ስሙን ጠርቶ ለመጨረስ ራሱ አንድ ትንፋሽ ይፈልጋል።

አማካሪው ዶክተር ናኦሚ ናት፤ በዕድሜ ታናሹ፣ በትምህርት አለቃው። ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ነገር ነው የነገረችው።

"ኦቦ ዋቅቶላ፣ ጥሩ ጽፈዋል። ግን የሚያነቡበት ዓይን የማን ነው? የንድፈ ሐሳብ ማዕቀፍ ያምጡ።"

እሱም ረቂቁን ተሸክሞ ይመለሳል። ሚስቱ ኤቢሴ ጤና ጣቢያ ነርስ ናት። "ዛሬስ ምን አሉህ?" ትለዋለች።

"ማዕቀፍ።"

"ካለፈው ክረምት ጀምሮ አልተገኘም እንዴ?"

ጥቅምት 2012 ላይ የአጎቱ ልጆች በወሰን ተጣሉና ሸነን ለሽምግልና ተጠራ። ሽማግሌዎቹ ዛፍ ሥር ተቀመጡ። አንዱ ባለጉዳይ መጣ፤ ሌላው ጎርፍ መንገድ ላይ አስቀርቶት አልደረሰም። አንድ ወገን ብቻ ይዞ ነገር መጀመር እዚያ ነውር ነው። ስለዚህ መጠበቅ ሆነ። የሽማግሌዎቹ ታላቅ ኦቦ ደቻሳ ናቸው፤ ሰባ ስምንት ዓመታቸው ነው፣ ጆሯቸው ግን የሃያ ዓመት ነው።

"ባርሲሳ" አሉት፤ አስተማሪ ማለታቸው ነው። "ዝም ብለን ከምንቀመጥ ያንን አራት ዓመት የምታነበውን ነገር ንገረን። ምን ቢሆን ነው እንደዚህ የማያልቀው?"

ዋቅቶላም ለመመረቂያው ከሚያወዳድራቸው አንዱን የእንግሊዝ ልብ ወለድ በኦሮምኛ አወራላቸው። አንድ እንግሊዛዊ ሹም ወንዝ ዳር ያለ አገር ተሹሞ ይሄዳል። ድልድይ ያሠራል። ወባ ይይዘዋል፣ እጮኛው ትናፍቀዋለች፣ ዝናቡ ያስተክዘዋል። ድንጋዩን የሚሸከሙት የአገሩ ሰዎች ናቸው፤ ስም የላቸውም፣ ቁጥር ነው ያላቸው። በመጨረሻ ድልድዩ ያልቃል፣ ሹሙም ያለቅሳል። ሦስት መቶ ገጽ ነው። ዋቅቶላ ሲያወራ ደግሞ ይችልበታል፤ ወባው ጋ ሲደርስ አንዱ ሽማግሌ ጋቢውን ሰብሰብ አደረገ።

ሲጨርስ ኦቦ ደቻሳ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

"ጥሩ። ይሄ ሰውዬ ተሰማ። ሌላኛው ወገንስ?"

"የቱ ወገን ኦቦ?"

"ድንጋዩን የተሸከመው።"

"እሱ መጽሐፉ ውስጥ አይናገርም። 'እሺ ጌታዬ' ነው የሚለው።"

"ስንት ጊዜ?"

ዋቅቶላ ይህን ቆጥሮት ነበር። "አርባ አንድ ጊዜ።"

"አርባ አንድ ጊዜ እሺ ብሎ ሌላ ነገር ያልተናገረ ሰው እኔ አይቼ አላውቅም። ጥራውና ይምጣ።"

"ኦቦ፣ ልብ ወለድ እኮ ነው። ሰውየው የለም።"

"እንግሊዙስ አለ?"

"እሱም የለም።"

"እሱ ሳይኖር ሦስት መቶ ገጽ ከተናገረ፣ ያኛው ባለመኖሩ ምን ይከለክለዋል? ቅዳሜ ከሁለት ሳምንት በኋላ ይዘኸው ና። ተቀጥሯል።"

የወሰኑም ጉዳይ፣ የልብ ወለዱም ጉዳይ ለአንድ ቀን ተቀጠረ።

ዋቅቶላ ሰኞ ዶክተር ናኦሚ ቢሮ ሄዶ፣ እየሳቀ እንደ ቀልድ ነገራት። እሷ አልሳቀችም። መነጽሯን አውልቃ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

"ይህን ለማወቅ እኔ አራት ዓመት ውጭ አገር ቆይቻለሁ" አለችው። "እነሱ ባለጉዳይ እስኪመጣ ነው የደረሱበት?"

"ጎርፍ ስለነበረ ነው ዶክተር።"

"ማዕቀፍዎ ይኸው ተገኘ።" ተነስታ ከመደርደሪያዋ አንድ ቀጭን ልብ ወለድ አወረደችለት። የዚያው አገር ተወላጅ የጻፈው ነው፣ እሱም በእንግሊዝኛ። ያንኑ የመሰለ ድልድይ አለበት፤ የሚናገረው ግን የተሸካሚው ልጅ ነው።

በቀጠሮው ቅዳሜ፣ ከወሰኑ ጉዳይ በኋላ፣ ዋቅቶላ ሁለተኛውን ወገን አቀረበ። ልጁ የአባቱን ትከሻ፣ የወንዙን የድሮ ስም፣ ድልድዩ የተሠራበትን መቃብር አንድ በአንድ ተናገረ። ከዚያ ሽማግሌዎቹ በደንባቸው ፍርድ መስጠት ጀመሩ። በሸነን ሽምግልና ንግግር የሚጀምረው ከታናሽ ነው። ታላቁ መጨረሻ ይናገራል፤ እሱ ከተናገረ በኋላ የሚናገር የለም።

አንዱ ሽማግሌ አንድ ነገር ከነከነው። "ይሄ ልጅ የከሰሰው በእንግሊዝኛ ነው አልክ? በተከሳሹ ቋንቋ?"

"በእንግሊዝኛ ነው።"

"እንግዲያ ግማሹን ተሸንፎ ነው የመጣው።"

ተከራከሩበት። ዩኒቨርሲቲ ውስጥም በዚህ ነገር ሰው ተኮራርፎ አይቷል ዋቅቶላ። በመጨረሻ ተራው የኦቦ ደቻሳ ሆነ።

"እኔ በወጣትነቴ ስለ መሬቴ ፍርድ ቤት የተሟገትኩት በአማርኛ ነው" አሉ። "መጀመሪያ አስተርጓሚ ያዝኩ። አስተርጓሚው የኔን ነገር ሲያሳጥረው አየሁ። ሄድኩና አማርኛውን ተማርኩ፣ ዳኛው የሚሰማው እሱን ነዋ። አማርኛው የዳኛው ነበር፤ ክሱ የኔ ነው። ልጁ አልተሸነፈም። እንግሊዙ ግን ያለ ተከራካሪ ብቻውን ሲያወራ ስለኖረ ጥፋተኛ ነው። አለቀ።"

አላለቀም። የመንደሩ እናት አዴ ሲንቄ ከገበያ ሲመለሱ አህያቸውን አጥሩ ላይ አስረው፣ ቆመው ሲሰሙ ነበር። ሽማግሌዎቹ አልጠሯቸውም፤ እሳቸውም መጠራት አልጠበቁም።

"ባርሲሳ፣ በመጀመሪያው ታሪክ አንዲት ውሃ ቀጂ አልፋለች አይደል?"

"አልፋለች አዴ። አንድ ጊዜ።"

"በልጁስ ታሪክ?"

ዋቅቶላ ትንሽ አሰበ። "እዚያም እንስራ ይዛ ታልፋለች። አንድ ጊዜ።"

"ሁለቱ ወንዶች ድልድዩ የማን ነው እያሉ ይጣላሉ። እሷን ሁለቱም ውሃ ያስቀዷታል። እስቲ እሷ ትጠራና ትምጣ።"

ኦቦ ደቻሳ ከኔ በኋላ አይነገርም ሊሉ አፋቸውን ከፈቱ። ግን ሲያዩት ነገሩ እውነት ሆነባቸው፤ አፋቸውን ዘጉ። ለውሃ ቀጂዋ ቀን ያልተቆረጠለት ቀጠሮ ተሰጠ።

ሲነሱ ኦቦ ደቻሳ የዋቅቶላን ክንድ ያዙት። "ይህን ትጽፈዋለህ አሉ። ከዚህ በፊትም ጥናት የሚሉ ልጆች መጥተው ከአፋችን ወስደዋል። 'አንድ የአካባቢው ሽማግሌ' ብለው ጻፉን አሉ። እኔ አንድ የአካባቢው ሽማግሌ አይደለሁም፤ ደቻሳ ነኝ። በስማችን ትጽፋለህ?"

"በስማችሁ እጽፋለሁ" አለ ዋቅቶላ። ቃል ሰጠ።

ጻፈውም። ኮሮናው አልፎ ጽሑፉን በፈታኞች ፊት የሚከላከልበት ቀን ለነሐሴ 2013 ተቆረጠለት። ያ ነሐሴ ካለፈ ፋይሉ እንደሚዘጋ በደብዳቤ ተነገረው። ሊቀርብ አንድ ሳምንት ሲቀረው ደግሞ ከአዲስ አበባ ከሚመጡት ፈታኝ አስተያየት ደረሰው፦ ሽማግሌዎቹ ከጽሑፉ ይውጡ፣ ወይም "መረጃ ሰጪ አንድ፣ ሁለት" ተብለው በቁጥር ይጠሩ።

ኤቢሴ ኮቱን እየተኮሰች ነበር። "ቁጥር ስጣቸውና ጨርሰህ ና። ስድስት ክረምት እኮ ነው። እኔ ስንቱን በሽተኛ በካርድ ቁጥር ስጠራ እውላለሁ።"

"ሲድኑስ በምን ትጠሪያቸዋለሽ?"

 ኤቢሴ የኮቱን ኮሌታ ሁለተኛ ተኮሰችው።

በመከላከያው ቀን ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው ሰው ለመሰማማት ይጯጯህ ነበር። ፈታኙ ሹራብ የለበሱ ጨዋ ሰው ናቸው፤ ክፋት የለባቸውም፤ ደንብ ግን አለባቸው።

"አቶ ዋቅቶላ፣ ሥራዎ ግሩም ነው። ያስቸገረኝ አንድ ነገር ነው። ቁጥር ቢሰጧቸው ምን ይጎዳል?"

ዋቅቶላ እንደ ረባሽ ተማሪ ዝም ብሎ አያቸው። ከዚያ ቀስ ብሎ ተናገረ።

"ጌታዬ፣ የመጀመሪያው ልብ ወለድ ገጽ ዘጠና አራት ላይ ሹሙ ለተሸካሚዎቹ ቁጥር ይሰጣቸዋል። እኔ ሃምሳ ገጽ ሙሉ ይህን ሰው ስወቅሰው ኖሬ፣ ምዕራፍ አራት ላይ ስደርስ እኔው ቁጥር ሳድል ልገኝ?"

ፈታኙ ምዕራፍ አራትን ገልጠው ስሞቹን አዩ።

"ገብቶኛል" አሉ ፈታኙ። "ግን በጽሑፉ አካል ውስጥ አልቀበልም። አሠራሩ አይፈቅድም።"

ዋቅቶላ ማኅደሩን ዘጋ። "እንግዲያ ይቅር።"

"ምኑ?"

"ዲግሪው። ቃል ሰጥቻለሁ።"

ተነሳ። ያ ረጅም ኮት በሩ ጋ ሊደርስ ሲል ዶክተር ናኦሚ ተናገረች።

"አሠራሩ ስለ አባሪ ምን ይላል?"

መመሪያውን አገላበጡት። ለጽሑፉ የገጽ ገደብ አለ። ስለ አባሪ ርዝመትም፣ እዚያ ስለሚገባ ስምም ያለው ነገር የለም። መመሪያውን ያወጣ ሰው ይሄን የመሰለ ግትር ይመጣል ብሎ አላሰበም። ፈታኙ ረጅም ጊዜ አነበቡ፣ ፈገግ አሉ፣ ፈረሙ።

ዋቅቶላ የሽማግሌዎቹን ቃል በሙሉ ከነስማቸው ወደ ኋላ አዞረው። ከፊት "አባሪውን ይመልከቱ" የሚል ቃል ስልሳ ቦታ ገባ። ተጠርዞ ሲመጣ ጽሑፉ ሰባ ገጽ፣ አባሪው ሰባ ሦስት ሆነ።

ተመረቀ። ደስታው ግን ሙሉ አልሆነም። በስማቸው ጽፏል፤ ግን ጓሮ ነው ያስቀመጣቸው። ሸነን ለመሄድ አንድ ወር አልደፈረም። በኋላ ኤቢሴ ጥራዙን በፌስታል ጠቅልላ እጁ ላይ አስቀመጠችና ሚኒባስ ላይ አሳፈረችው።

ኦቦ ደቻሳ ማንበብ አይችሉም። ጥራዙን ጭናቸው ላይ አስቀምጠው "እኔ የት ነኝ?" አሉ።

ዋቅቶላ ከፊት ከፈተው፣ አለፈው፣ አለፈው፣ መጨረሻው አካባቢ ደረሰና ጣቱን አስቀመጠ። "እዚህ ነዎት ኦቦ።" ዓይኑን አላነሳም።

"ከፊቴ ያለው ይሄ ሁሉ ማነው?"

"እኔ ነኝ። ከኔ በፊት ደግሞ ፈረንጆቹ፣ ሊቃውንቱ። ከዚያ የእርስዎ ታናናሾች። ከዚያ እርስዎ።"

ሽማግሌው ቅጠሉን በጣታቸው እየዳበሱ ቆዩ። "ፈረንጆቹ መጀመሪያ ተናገሩ፣ አንተ ቀጠልክ፣ እኔን መጨረሻ አደረጋችሁኝ?"

"አዎ ኦቦ።"

"እነዚህ የዩኒቨርሲቲ ሰዎች ደንብ ያውቃሉ ለካ" አሉ ኦቦ ደቻሳ። "እኔ አያውቁም ብዬ ሰግቼ ነበር።"

 ለዋቅቶላ ስድስት ክረምት የተሸከመው ነገር ከትከሻው ሲወርድ ታየው። ሽማግሌው ግን አንድ ቅጠል ገለጡ።

"ከኔ በኋላ የተጻፈው ምንድን ነው?"

"አዴ ሲንቄ ናቸው።"

"የመጨረሻዋ እሷ ናት?"

"የመጨረሻዋ እሳቸው ናቸው።"

አዴ ሲንቄ አጥሩ ጋ አህያቸውን ይዘው ቆመዋል፤ የሚሰሙም አይመስሉም። ኦቦ ደቻሳ ቅጠሉን ትክ ብለው አዩት።

"በቀለም ነው የተጻፈው?"

"በቀለም ነው ኦቦ።"

"እንግዲያ ምን ይደረጋል" አሉና ምርኩዛቸውን ተደግፈው ተነሱ፤ የተቀመጡባትንም ዱካ ወደ አጥሩ በኩል ገፋ አደረጉ። "ሲንቄ፣ ነይ ተቀመጪ። የመጨረሻውን ቃል ቆሞ የሚናገር የለም።"