አባቴ የነዳበት ቀላሉ መንገድ

አባቴን ያታለልኩት በኮምፒውተር ጨዋታ ነው። ሲናገሩት ተራ ነገር ስለሚመስል እስካሁን ለማንም አውርቼው አላውቅም።

አባቴ መካነ ብርሃን አቅራቢያ በምትገኝ አንዲት የገጠር ቤተ ክርስቲያን ቄስ ነው። ቅዳሴ በሌለበት ቀን ግቢው ውስጥ ንባብ ያስተምራል፤ እኔንም ፊደል ያስቆጠረኝ እሱ ነው። ባለፈው ዓመት በክረምቱ መጨረሻ ስትሮክ መታው። ሐኪሞቹ ቀላል ነው አሉ። ንግግሩ በሳምንት ተመለሰ፤ እግሩም ብዙ አልተጎዳም። ቀኝ እጁ ግን ዛለ። ዕቃ መያዝ ያቅተዋል፤ የያዘውም ዕቃ እጁ ላይ ይንቀጠቀጣል። ክትትል ስላስፈለገው ከእናቴ ጋር ጎንደር መጣ፤ እኔ ማራኪ በተከራየኋት አንዲት ክፍል ውስጥ ሦስታችንም መኖር ጀመርን። አልጋውን ለእነሱ ለቅቄ ለራሴ ፍራሽ አነጠፍኩ። ጠዋት ጠዋት በረዳትነት ወደምሠራበት ዩኒቨርሲቲ እሄዳለሁ፤ ለምሳ እመለሳለሁ።

የአባቴ ጭንቀት አንድ ብቻ ነበር። ካህን ሥጋ ወደሙን ለምእመናን የሚያቀብለው በቀኝ እጁ ነው። እጁ የሚንቀጠቀጥ ካህን ቅዱስ ቁርባኑን ቢጥልስ? አባቴ ይህን አንድ ቀን እንኳ በአፉ አላለውም። የሚለው፣ «እጄ ካልተመለሰ መቅደስ አልገባም» ብቻ ነበር። ይህን ሲል እጁን በጋቢው ይሸፍናል።

ሆስፒታል ያለችው የፊዚዮቴራፒ ባለሙያ አንዲት የስፖንጅ ኳስ ሰጥታው በቀን ሦስት ጊዜ እንዲጨምቃት አዘዘችው። አባቴ ኳሷን አገላብጦ አያት።

«ሎሚ እንኳ ብትሆን ውሃ ይወጣት ነበር» አላት።

ልጅቷ ስቃ ስታበቃ እኔን ወደ ጎን ወሰደችኝ። «አባትሽ ኳሱን አይጨምቁትም። የሚወዱት ነገር ፈልጊላቸው፤ እጃቸውን ረስተው የሚሠሩት» አለችኝ።

ላፕቶፔ ላይ አንድ ጨዋታ አለኝ። ጭነት የያዘች ማኪና በተራራ ጥምዝምዝ መንገድ ላይ ትነዳለች። መሪዋ ማውሱ ነው፤ እጅ ወደ ግራ ሲሄድ ማኪናዋም ወደ ግራ ትሄዳለች። ጭነቱ ከወደቀ ጨዋታው አበቃ። ተማሪ ሳለሁ ሰው መሀል መቀመጥ ሲጨንቀኝ ብዙ ቅዳሜዎችን ያሳለፍኩት ይችን ማኪና እየነዳሁ ነው። አባቴን እሷ ላይ ማስቀመጥ ያሳፍረኝ ነበር። ቢሆንም አንድ ቀን ከምሳ በኋላ ደፈርኩ።

«አባባ፣ እስቲ ይችን ማኪና ንዳት።»

ይቆጣል ብዬ ነበር። እሱ ግን መነጽሩን አድርጎ ስክሪኑን ለረጅም ጊዜ አየው።

«ይሄ ሊማሊሞ ነው» አለ።

«አይደለም አባባ፤ የፈረንጅ አገር ነው።»

«የፈረንጅ አገርም ሊማሊሞ አለው በይኛ!»

እናቴ ምስር እየለቀመች ነበር። አባቴን እስከ ዛሬ አንቱ ነው የምትለው፤ አንተ የምለው የመጨረሻ ልጅ በመሆኔ የተሞላቀቅኩት እኔ ብቻ ነኝ። «እሰይ፣ ሹፌርም ሆኑልኝ» አለችው። «እንግዲያው ደባርቅ ድረስ ያድርሱን፤ ከዚያ ወዲያ በእግራችን እንዘልቀዋለን።»

አላደረሰንም። መጀመሪያው መታጠፊያ ላይ እጁ ተንቀጠቀጠ፤ ማኪናዋ ተንገዳገደች፤ ጭነቱ ገደል ገባ። እንደገና ጀመረ፤ እንደገና ወደቀ። ቁጭ ብዬ ቆጠርኩ፤ አሥራ አንድ ጊዜ ሞከረ። ከዚያ ማውሱን ቀስ አድርጎ ገፋውና እጁን ጋቢው ውስጥ ከተተ።

«ይቅር ልጄ። ለወጣት የተሠራ ነው።»

ያን ቀን ከዚያ በኋላ ወደ ላፕቶፑ አልዞረም። ኳሷንም አልነካት።

በማግስቱ ጠዋት ጸሎቱን ለማድረስ ወደ ግቢው ሲወጣ ላፕቶፑን ከፍቼ ሴቲንግ ውስጥ ገባሁ። ሦስት ደረጃዎች አሉ፤ ቀላል፣ መካከለኛ፣ ከባድ። ማኪናዋ የቆመችው መካከለኛው ላይ ነበር። ወደ ቀላል አወረድኳት። ቀላሉ ላይ መንገዱ ይሰፋል፤ ከዚያም በላይ ኮምፒውተሩ ራሱ መሪውን ያቃናል። የነጂው እጅ ቢንቀጠቀጥ እንኳ ማኪናዋ ቀጥ ብላ ትሄዳለች።

ከምሳ በኋላ፣ «አባባ፣ አንዴ ብቻ ሞክር» ብዬ ለመንኩት። ሞከረ። የመጀመሪያውን መታጠፊያ አለፈ፤ ሁለተኛውንም አለፈ። ወደ ስክሪኑ ጎንበስ ብሎ፣ ከንፈሩን ነክሶ እስከ ተራራው ጫፍ ነዳት።

«ደረሰች! ጭነቷም አልወደቀ!»

እናቴ አንድ ጊዜ እልል አለችና አከራዬ እንዳይሰሙ አፏን በነጠላዋ ያዘች። አባቴ ሳቀ። ከታመመ ጀምሮ ሲስቅ ስሰማው የመጀመሪያዬ ነበር። ደረጃውን ዝቅ ማድረጌን ልነግረው አስቤ ነበር፤ ተውኩት።

ሦስት ሳምንት እንዲሁ ነዳ። ሁልጊዜ ከመጀመሩ በፊት፣ «የመጀመሪያው ቀን መንገድ ነው?» ይለኛል፤ እኔም አዎ እለዋለሁ። የጨዋታው ደረጃ ስክሪኑ ጥግ ላይ በእንግሊዝኛ ተጽፏል። አባቴ የግዕዙን መጽሐፍ እንደ ውሃ ያንቆረቁረዋል እንጂ እንግሊዝኛ አያነብም። ማንበብ ካስተማረኝ ሰው፣ እሱ በማያነበው ፊደል ነገር ደበቅኩ። ይህን ያኔ እንዲህ አላሰብኩትም፤ ውስጤን የሚቆረቁረኝ ነገር እንዳለ ግን አውቅ ነበር።

ከዚያ አንድ ቀን ስልኩን ራሱ አንስቶ ወደ ደብራቸው አለቃ ደወለ። የታቦታቸው ንግሥ ሊደርስ አሥራ ሁለት ቀን ቀርቶታል።

«እጄ ሸጋ ሆኗል» አላቸው። «ለንግሡ እመጣለሁ። ዋናው ቀዳሽ እኔ ልሁን።»

ድምፅ ማጉያውን ስለከፈተው የአለቃውን መልስ ሁላችንም ሰማን። «እግዚአብሔር ይመስገን! በምን አወቅኸው?»

«ማኪና ነድቼ!»

ሁለቱም ከት ብለው ሳቁ። የእናቴ እጅ ሰፌዱ ላይ ቆመ። ቀና ብላ አየችኝ፤ እኔም አየኋት። ሁለታችንም ያን ጠዋት ኩባያው ከእጁ እንዴት እንዳመለጠ አይተናል። ውሃ ልቀዳ ብዬ ወጣሁና ቧንቧው ጋ ባዶ ጀሪካን ይዤ ቆምኩ። የሚወድቀው አሁን የጨዋታ ጭነት አይደለም። በንግሥ ቀን፣ ያ ሁሉ ሕዝብ ባለበት፣ አባቴ ዕድሜውን ሙሉ በፍርሃት የያዘው ነገር ነው። የጨዋታውን ደረጃ ዝቅ ማድረጌን የሚያውቅ ደግሞ ከእኔ በቀር የለም።

እኔ መናገር የሚቸግረኝ ሰው ነኝ። ተመራቂ ሳለሁ የጥናቴን ማቅረቢያ ቃል በቃል ጽፌ ነው ያነበብኩት። ይህንንም ጻፍኩት። ሁለት ቀን ወረቀቱን በቦርሳዬ ይዤ ዞርኩ። በሦስተኛው ቀን፣ ምሳ በልተን አባቴ ወደ ላፕቶፑ ሲጠጋ፣ ወረቀቱን ሳላወጣው ቀረሁና እንዲሁ ተናገርኩ።

«አባባ፣ ማኪናዋን ብቻህን አልነበርክም የምትነዳት።»

«እህ?»

«ጨዋታው ደረጃ አለው። እኔ ዝቅ አድርጌልሃለሁ። መሪውን የሚያቃናው ኮምፒውተሩ ነው።»

አባቴ መነጽሩን አወለቀ፤ መልሶ አደረገው።

«ወደነበረበት መልሺውና አሳዪኝ።»

መለስኩት። ሁለተኛው መታጠፊያ ላይ ጭነቱ ወደቀ። ደገመ፤ ሦስተኛው ላይ ወደቀ። እጁን ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ የሌላ ሰው እጅ ይመስል አየው። እኔ ቁጣውን ጠበቅኩ። እሱ ግን በግራ ጣቱ ስክሪኑ ጥግ ላይ ያለችውን ቃል ነካ።

«ይች ምን ትላለች?»

«መካከለኛ።»

«ስነዳበት የነበረውስ?»

«ቀላል።»

«ሌላም አለ?»

«ከባድ የሚል አለ።»

«ግዕዝ፣ ውርድ፣ ቁም ንባብ ናቸዋ» አለ።

እነዚህ በንባብ ቤት ተማሪ የሚያልፍባቸው ሦስት ደረጃዎች ናቸው፤ መጀመሪያ ቃሉን እየጎተቱ፣ ቀጥሎ በዜማ እያወረዱ፣ በመጨረሻም አቀላጥፎ ማንበብ። አባቴ ጋ የሚማር ሁሉ መጽሐፉን ከመክፈቱ በፊት የት እንዳለ ጮክ ብሎ ይናገራል። ጺም ያበቀለ ሰው ከሰባት ዓመት ሕፃን ጎን ቁጭ ብሎ፣ «ግዕዝ ላይ ነኝ፣ የኔታ» ሲል በጆሮዬ ሰምቻለሁ። የሚስቅበት አልነበረም።

«ግዕዝ ላይ መሆን ነውር አይደለም» አለኝ። «ግን ግዕዝ ላይ ያለውን ልጅ ቁም ንባብ ደርሰሃል ብዬ ብሰደው፣ ቅዳሴ መሀል ሲቆም ምን ሊያነብ ነው? ምነው ሳትነግሪኝ?»

«ፊትህን አይቼ ነው፤ ያን ቀን ስትሸነፍ።»

«ፊቴን ተዪው። የቸገረኝ እጄ ነው።»

አልጮኸም። እናቴ ከአልጋው ጫፍ ጉሮሮዋን ጠረገች። «እንግዲህ ንስሐ ከሆነ፣ እኔም ሻይውን ግማሽ ግማሽ ነው የምቀዳልዎ። እንዳይፈስብዎ።»

አባቴ ዞሮ አያት። «እሱንስ ስስት መስሎኝ!»

መሳቅ እንዳለብኝና እንደሌለብኝ ሳላውቅ ሳቅኩ፤ እንባዬም አብሮ መጣ። አባቴ ስልኩን አንስቶ ለአለቃው ደወለላቸው።

«አልደረስኩም፤ ለንግሡ ሌላ ካህን ይፈለግ» አላቸው።

«ምነው፣ ማኪናዋ ተበላሸች?»

«ማኪናዋስ ደኅና ናት። ነጂው ነው።»

ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ ጨዋታውን ከሥሩ አጥፍቼ እንዳስጀምረው አዘዘኝ፤ የረታበትም የተሸነፈበትም እንዲሰረዝ። ሁሉንም ወደ መጀመሪያው የሚመልሰውን ቁልፍ አሳየሁት፤ ራሱ ተጫነው። «አሁን ቀላሉ ላይ አድርጊኝ» አለ። «መንገዱ ሰፊ ይሁን። የሚያቃናልኝ ግን ይውጣ። ይቻላል?»

እንደሚቻል አላውቅም ነበር። ያን ጨዋታ ስንት ዓመት ተጫውቼ ሴቲንጉን እስከ ታች አንብቤው አላውቅም። ፈለግን፤ አገኘነው። መሪ ማገዣውን ለብቻው ማጥፋት ይቻላል።

የንግሡ ቀን ከባድ ነበር። አባቴ ጠዋት ነጭ ለብሶ፣ በሩ አጠገብ ቆሞ ብቻውን ጸለየ። እኔ ሥራ መሄድ አቃተኝ፤ ንግሡን የወሰድኩበት እኔ እንደሆንኩ ነበር የተሰማኝ። ሲጨርስ ተቀመጠና የቀረበለትን ቆሎ መዝገን ጀመረ። ግማሹ እየፈሰሰበት ፍሬ ፍሬውን እየለቀመ፣ «ይሄ ቆሎ ነው፤ ይለቀማል። ተመስገን» አለኝ። ከዚያ በላይ ስለዚያ ቀን ተናግሮ አያውቅም።

በሰፊው መንገድ ላይ፣ ያለ ማገዣ፣ አንድ ወር ተኩል ነዳ። ብዙ ጊዜ ወደቀ። ሲወድቅ እንዳላየሁ መሆን ተውኩ፤ «ሦስተኛው ላይ ነው አባባ» እለዋለሁ፤ እሱም «ሦስተኛው ላይ» ብሎ ይቀጥላል። ኳሷንም ሳይነግሩት መጨመቅ ጀመረ። መካከለኛው ላይ የወጣው ዐቢይ ጾም ሲጋመስ ነው። ከፋሲካ በኋላ፣ የመካነ ብርሃን መንገድ ደኅና ሲሆን፣ ከእናቴ ጋር ወደ አገሩ ተመለሰ።

እኔም ሥራ ቦታ የማይገባኝ ነገር ሲያጋጥመኝ ገብቶኛል ብዬ አንገቴን መነቅነቅ ቀነስኩ። አለቃዬ ፊት፣ «ይሄን አላውቀውም፤ ከመጀመሪያው ያስረዱኝ» ብዬ የተናገርኩ ዕለት ጆሮዬ ድረስ ግሎኝ ነበር። ሰውየው ግን ወንበር ስቦ አስረዳኝ። ለዚህም አባቴን አመሰግናለሁ፤ እሱ ይህን አያውቅም።

ባለፈው ሳምንት፣ እሑድ ረፋድ ላይ ደወለ። የሰዎች ድምፅ ከኋላው ይሰማል፤ ከቤተ ክርስቲያን መውጣታቸው ነው።

«ዛሬ ገባሁ» አለኝ። «ዋናው ሌላ ነው፤ እኔ ረዳት ሆኜ ነው የገባሁ። እንዲህ አድርጉኝ ያልኳቸው ራሴ ነኝ።»

«እንዴት ሆነ አባባ?»

«አንድ ጊዜ ተንቀጠቀጠ። መስቀሉን በሁለት እጄ ያዝኩት። ሰውም አየ።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ቅዳሴው ቀጠለ።»

እንዴት ሆነ ስለው አስቀድሞ የነገረኝ የተንቀጠቀጠበትን ነው። ስልኩ ከተዘጋ በኋላ አልጋዬ ላይ ተቀምጬ፣ መስቀል የያዙትን ሁለቱን እጆቹን በዓይነ ኅሊናዬ እያየሁ፣ ለረጅም ጊዜ እግዚአብሔርን አመሰገንኩ።