ድንበር ላይ የታሰረው በግ

ሌላው ሰው መንጃ ፈቃድ ሲያወጣ አሠልጣኙን ያመሰግናል። እኔ የማመሰግነው መሪ ጨብጠው የማያውቁ፣ ባጃጅ ላይ ሊወጡ ሲሉ ሁለት ጊዜ የሚያማትቡ ሽማግሌ ገበሬ ነው። አያ አላምረው ይባላሉ፤ የባለቤቴ የሰውአገኝ አባት ናቸው። አገራቸው ከዳባት ወዲያ፣ ማኪና ከሚቆምበት ደግሞ የሁለት ሰዓት የእግር መንገድ ገባ ብሎ ነው። ማንበብ አይችሉም። እኔን ግን ማንበብ ያስተማሩኝ እርሳቸው ናቸው፤ መጽሐፍ ሳይሆን መንገድ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሰውአገኝ ጎንደር ውስጥ ከማራኪ እስከ አራዳ ባጃጅ ይሠራ ነበር። አምና ወገቡን ዲስክ ያዘውና ሐኪሙ ከእንግዲህ መሪ የሚባል ነገር የለም አለው። ባጃጇ ግቢያችን ውስጥ ሸራ ለብሳ ቆመች። እርሷ ቆመች ማለት እኛም ቆምን ማለት ነው። አንድ ቀን ብድግ ብዬ እኔ እነዳታለሁ አልሁ። የሰፈሩ ሰው ሳቀ። ይሳቅ። እኔ ሐረገወይን የሳቀብኝን ሰው ስሙን እስከነአባቱ ይዤ የማልረሳ ሴት ነኝ፤ ዛሬ ሁሉም ባጃጄን ይሳፈራሉ፣ አንዳቸውንም አልረሳሁም።

መንዳቱ አልከበደኝም። የጣለኝ የጽሑፍ ፈተናው ነው፤ ያውም ሁለት ጊዜ። ሁለቱንም ጊዜ የጣለኝ ደግሞ ያው አንድ ነገር ነው፤ የመንገድ አካፋይ። ድፍን መስመር አለ፣ የተቆራረጠ መስመር አለ፣ ድፍንና የተቆራረጠ ጎን ለጎን የተሰመረ አለ፣ ከዚያ ሌላ ከመሬቱ ከፍ ብሎ ሣርና ችግኝ የተተከለበት አለ። በየትኛው ይታለፋል፣ በየትኛው አይታለፍም፣ የት ይዞራል፣ የት አይዞርም። ሌሊቱን ሁሉ በቃሌ ስወጣው አድሬ ጧት ፈተናው ላይ ስቀመጥ መስመሮቹ እርስ በርሳቸው ይተላለቃሉ። አሠልጣኛችን አቶ ዳኛው በቃልሽ አትያዢው፣ ይግባሽ እያለ ይቆጣኛል። ይግባሽ ብሎ ትምህርት አለ እንዴ? ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም፤ እኔም ወረቀቴን ይዤ ሙጭጭ አልሁ።

ሁለተኛ ስወድቅ ሰውአገኝ ለአባቱ ደወለ። አያ አላምረው ብዙ አልተናገሩም። ሦስተኛም ከወደቀች ባጃጇ ትሸጥና ወደ መሬታችሁ ተመለሱ፤ ብታልፍም መጥቼ በዓይኔ ሳላይ ልጆቼ በእርሷ ባጃጅ አይሳፈሩም አሉ። ሴት ስለሆንሁ ነው ወይ ብዬ ከወዲህ ሆኜ ጮኽሁ። የለም አሉ፣ ችኩል ስለሆነች ነው። እውነት ነዋ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች የተባለው እኔን አይቶ ሳይሆን አይቀርም። ግን ልጃችን ወንጌላዊት ሰባተኛ ክፍል ናት፣ ከክፍሏ አንደኛ ወጥታለች። በእርሳቸው አገር ያለው ትምህርት ቤት ስድስተኛ ላይ ያበቃል። እንግዲህ የፈተናው ወረቀት ላይ የተሰመረው መስመር ለእኔ የመንገድ መስመር ብቻ አልነበረም፤ የልጄ ደብተር ነበር።

ፈተናው አራት ቀን ሲቀረው፣ ቅዳሜ ረፋድ ላይ ስልኬ ጮኸ። የትራፊክ ፖሊስ ነኝ፣ ሄለን እባላለሁ አለችኝ ድምፀ ቀጭን ሴት። አንድ አባት በግ ይዘው መንገድ መሃል ተቀምጠዋል፣ ተነሡ ብላቸው እምቢ አሉ፣ ይቺን ስልክ በወረቀት ይዘዋል አለች። ነጠላዬን እንኳ በወጉ ሳልለብስ ሮጥሁ።

ከማራኪ ዝቅ ብሎ ያለውን ሰፊ መንገድ የምታውቁ ታውቁታላችሁ። መሃሉ ላይ ሣር ያለበት አካፋይ አለው። አያ አላምረው ሳይነግሩን ሊጠይቁን መጥተው ኖሮ፣ ዱላቸውን ጭናቸው ላይ አጋድመው እዚያ ሣሩ ላይ ቁጭ ብለው ቆሎ ይቆረጥማሉ። ያመጡልን በግ ከችግኙ ግንድ ላይ ታስሯል። በጉ ችግኙን ጨርሶ፣ ቅርፊቱን ልጦ፣ አሁን ሣሩን ጀምሯል። ከግራም ከቀኝም ባጃጁ፣ ሚኒባሱ፣ አይሱዙው ያልፋል፤ ሰዉ አንገቱን አውጥቶ ይስቃል። እኔ በኀፍረት መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ወደድሁ። እርሳቸው ግን ተረጋግተው እንዴት ሰነበትሽ ልጄ አሉኝ፣ ቤት እንደመጣሁባቸው ሁሉ።

ሄለን ወጣት ልጅ ናት፤ እንደ ልጅ ቀርባ ነው የምታናግራቸው። አባቴ፣ ምነው እዚህ ተቀመጡ አለቻቸው።

«ምነው ብቀመጥ? ድንበር ላይ ነው ያለሁት፤ የማንንም እርሻ አልረገጥሁም» አሏት። «ይኸኛው ወገን የአንዱ ነው፣ ያኛው የሌላው። አንዱን ዐይቼ ተሻገርሁ። ድንበሩ ላይ አረፍሁ። ሁለተኛውን ደግሞ ዐይቼ እሻገራለሁ። ሁለቱን ባንድ ትንፋሽ የሚሻገር ዕብድ ነው።»

በእርሳቸው አገር በሁለት ማሳ መካከል ሳይታረስ የሚቀር የሣር ድንበር አለ። የማንም አይደለም፣ የሁለቱም ነው። መንገደኛ ያርፍበታል፣ ከብቱን ያስርበታል፣ ማንም ምን አደረግህ አይለውም። እርሳቸው የአስፋልቱን አካፋይ ሲያዩ ያን አዩ።

ሄለን አፏን በእጇ ሸፍና ሳቀችና ወደ እኔ ዞረች። «የተናገሩት በሙሉ ሕግ ነው» አለችኝ። «እግረኛ አካፋይ ባለው መንገድ ላይ ግማሹን ዐይቶ ይሻገርና ቆሞ ሌላውን ያያል። የሳቱት ከዜብራው ውጪ መሻገራቸውንና በጉን ማሰራቸውን ብቻ ነው።»

እኔ ይህን ያህል ዓመት ጎንደር ኖሬ ሁለቱን ባንድ ትንፋሽ የምሻገረው ዕብድ ነኝ። ሄለን ሁለተኛ በግ እንዳያስሩ ነገረቻቸውና ችግኙን ግን በጉ በላው አለች። እተካለሁ አሉ። ለአንድ ችግኝ ምን አደከመዎ ብላ ልትተወው ስትል ቆጣ አሉ፤ ድንበር ያበላሸ ድንበር ያበጃል፣ በእኛ አገር እንዲህ ነው አሏት። እሺ አለች፤ የአትክልት ሠራተኞቹን እኔ አስፈቅዳለሁ አለች። እጃቸውን ይዛ ከነበጋቸው በዜብራው አሻገረችን።

ማታ እራት ከበላን በኋላ የፈተናውን ወረቀት ይዤ ጥግ ላይ ተቀመጥሁ። እስቲ አሳይኝ አሉ። ጽሑፉን ባያነቡም ሥዕሉን ያያሉ። ድፍኑን መስመር በጣታቸው ነክተው ይኸስ አሉ። አይታለፍም አልኋቸው። ካብ ነው አሉ። የተቆራረጠውንስ አሉ። ይታለፋል አልሁ። ቆም በይ አሉ፤ እርሱም ካብ ነው፣ በር በር አለው እንጂ። በር አለ ተብሎ ዘው አይባልም፣ ማዶ ሰው አለመኖሩ ይታያል።

ድፍኑና የተቆራረጠው ጎን ለጎን ያሉበት ሥዕል ላይ ሲደርሱ ግን ወረቀቱን ወደ መብራቱ አስጠጉት። ሁለት ጊዜ የጣለኝ እርሱ ነው። ከዚያ ቀና ብለው አዩኝና፦

«አንቺ ከየት በኩል ነሽ?» አሉ።

እኔማ የትም በኩል አይደለሁም፣ ወረቀት ነው የማየው አልሁ።

«እርሱ ነዋ የጣለሽ። ድንበር ሲዳኝ መጀመሪያ የሚጠየቀው የቆምህበት ነው። በአንቺ በኩል ያለው ድፍን ከሆነ ለአንቺ ካብ ነው። ለዚያኛው በር ቢሆን ምን ቸገረሽ?»

ስድስት ወር ሙሉ አልገባ ያለኝ ነገር ያን ጊዜ ገባኝ። በራሴ ስቄ በራሴ ተናደድሁ። ሰውአገኝ ከአልጋው ላይ ሆኖ አባቴ ሠላሳ ዓመት የድንበር ሽማግሌ መሆኑን ረስተሽ ነው ወይ አለኝ። ሽማግሌ መሆናቸውን አውቃለሁ፤ እንዴት እንደሆኑ ግን ጠይቄ አላውቅም ነበር። ያን ማታ ጠየቅሁ።

ጎልማሳ ሳሉ እርሳቸውና ቢያዝን የሚባል ታላቅ ወንድማቸው፣ ዓለምነው ከሚባል ጎረቤት ጋር ኩታ ገጠም ያርሱ ነበር። በመካከል ያለው አንድ የድንጋይ ምልክት ብቻ ነው። አንድ ክረምት አንድ ትልም ወደዚያ ገባ። በሬ ስቶ ይሁን ሰው አውቆ፣ እስከ ዛሬ የሚያውቅ የለም። ነገር ተነሣ፣ ከነገር በኋላ ዱላ ተነሣ፣ ቢያዝን ከእርሻው ወደ ቤቱ አልተመለሰም። ደም ሲደርቅ ሽማግሎቹ ከሁለቱም ማሳ አንድ አንድ እርምጃ ቀንሰው ሳይታረስ ይኑር ብለው ፈረዱ። ሣር በቀለበት። ሣሩ እስካሁን አለ፤ ከዚያ ወዲህ በዚያ ድንበር የሞተ ሰው የለም። እርሳቸውም የድንበር ሽማግሌ የሆኑት ከዚያ ወዲህ ነው።

«ያን በመንገዱ መሃል ያለውን ሣር ሳየው፣ እዚህም ሰው ሞቶ ይሆናል አልሁ» አሉኝ። «ዝም ብሎ መሬት የሚተው የለም።»

ያን አካፋይ ስንት ጊዜ ረግሜዋለሁ። ቤቴ ፊት ለፊት እየታየኝ እስከ መዞሪያው ድረስ ያስኬደኛል ብዬ፣ ማን ይኼን ግድግዳ ገተረብኝ ብዬ። ለካስ የሰው ነፍስ እንዳይወጣ ከግራም ከቀኝም ተቆርሶ የተተወ መሬት ኖሯል። ያን ማታ ስለማላውቃቸው ሰዎች አለቀስሁ።

ፈተናውን ረቡዕ ተቀመጥሁ። ያው ሥዕል መጣ፤ ቂም የያዘብኝ ይመስል እኔን ፈልጎ ይመጣል። እጄ ሊቸኩል ሲል ያዝሁትና በልቤ አንቺ ከየት በኩል ነሽ አልሁ። ሰማያዊዋ ማኪና በድፍኑ በኩል ናት፤ ለእርሷ ካብ ነው። አይታለፍም የሚለውን መርጬ ወደሚቀጥለው ሄድሁ። አለፍሁ። አቶ ዳኛው ገባሽ አይደል አለኝ፤ እርሱ ያስገባልኝ ይመስል። ግዴለም፣ የምስጋና ቀን ነው ብዬ አዎ አልሁት። የመንዳት ፈተናውንም አለፍሁ፤ አካፋዩ ክፍት በሆነበት ስዞር ከፊቴ የሚመጣውን ማኪና አሳልፌ ነው የገባሁት፤ ፈታኙ ቀና ብሎ አየኝ።

መንጃ ፈቃዱ እጄ የገባው ከሳምንታት በኋላ ነው። ያን ቀን አያ አላምረው እንደሚመጡ ለሰውአገኝ ነግረውታል፤ ሰዓቱን ግን አልነገሩም። ሸራውን ገፍፈን ባጃጇን አጥበን ሰውአገኝ በሩ ላይ ቆሞ እያየኝ ብቻዬን ወጣሁ። ሰው ልጭን አይደለም፣ እጄን ላፍታታ ነው።

ሰፊው መንገድ ላይ ስወጣ ከሩቅ አየኋቸው። አካፋዩ ላይ ተንበርክከው በጉ በበላው ቦታ ላይ ችግኝ ተክለው አፈሩን በእጃቸው ይጠቀጥቃሉ። ቀጋ ነው፣ ያገራቸው የደጋ ጽጌረዳ፤ እሾኽ በእሾኽ የሆነ። ኋላ እንደነገሩኝ ሄለን ስትጠይቃቸው ይኼን በግ አይበላውም ብለዋታል። የባጃጇን ድምፅ ሰምተው ቀና አሉ፣ አወቁኝ፣ ጭቃ የሆነ እጃቸውን ከፍ አድርገው አነሡ።

አቁሚ የሚል እጅ ነው። አማቴ ናቸው፣ ሽማግሌ ናቸው፣ ቤታችንን ሊያፈርሱም ሊያጸኑም በአንዲት ቃል የሚችሉ ሰው ናቸው። እግሬ ፍሬኑን ሊረግጥ ተነሣ። ከኋላዬ ሚኒባስ አለ። በአካፋይ በኩል ቆሞ ሰው አይጫንም። ዓይኔን ከዓይናቸው ነቅዬ አለፍኋቸው።

እንዲህ ያለ ረጅም መንገድ በሕይወቴ ነድቼ አላውቅም። እስከ መዞሪያው ሄድሁ፣ ዞርሁ፣ በማዶው ወርጄ እንደገና ዞርሁ። ቅር ብሏቸው ሄደው ቢሆንስ እያልሁ ነው የምነዳው። ስደርስ አካፋዩ ላይ የሉም። በዜብራው ተሻግረው በቀኝ ዳር፣ መቆሚያው ላይ፣ ዱላቸውን ተመርኩዘው ይጠብቁኛል። አቆምሁ። ሁለት ጊዜ አማትበው ገቡ።

«አልፈሽኝ ሄድሽ» አሉ።

አያ፣ ድንበር ላይ ቆሞ አይጫንም አልሁ።

«አውቃለሁ፣ ያቺ ልጅ ነግራኛለች። እጄን ያነሣሁት ልይሽ ብዬ ነው። ለእኔ ብለሽ ብታቆሚ ኖሮ ባጃጇን ዛሬውኑ አሸጣት ነበር።»

ጭቃውን ከእጃቸው ላይ በነጠላቸው ጫፍ ጠራረጉና ወንበሩ ላይ ተደላድለው ተቀመጡ። ከዚያ ስንት ሰዓት ነው ብለው ጠየቁኝ። ስድስት ሰዓት ሊሆን ነው አልኋቸው።

«ሸጋ። እንግዲያ ልጅቱ ከትምህርት ቤት የምትወጣበት ነው። ሂጅ፣ ወንጌላዊትን እናምጣት።»