አለቃዬን የሰደብኩበት ገና

«ሥራሽ ምንድን ነው?» ሲሉኝ «የከተማው መናፈሻና መዝናኛ ኃላፊ ነኝ» እላለሁ። «እሱስ ይሁን፤ ምን ትሠሪያለሽ?» ይሉኛል። ሰው አጫውታለሁ! አበባ አስተክላለሁ፣ የተሰበረ ዥዋዥዌ አስጠግናለሁ፣ ከሣሩ ላይ የሰው በግ አባርራለሁ። አንዷ አክስቴማ «ለዚህም ደመወዝ ይከፈላል?» ብላ አማተበች። ደብረ ብርሃን ላይ በውርጭ ጊዜ እንኳን አበባው ድንጋዩም ይንቀጠቀጣል፤ ሰው ማጫወት ቀላል መስሏት!

አንድ ዓመት ታዲያ የጨዋታው ቦታ ራሱ ሊያመልጠኝ ነበር። ከመናፈሻው ጀርባ ያለው ሜዳ፣ ልጆቹ ኳስ የሚጠልዙበት፣ ጡረተኞቹ ፀሐይ የሚሞቁበት፣ ሱቅ ሊሠራበት ነው ተባለ። አለቃዬ ቢሮ ገብቼ ለመንኩ። «ተወስኗል፤ ከበዓል በኋላ ይታጠራል» አሉኝ። ደግሜ ሄድኩ። «አንቺ ሴትዮ፣ ጆሮ የለሽም እንዴ?» አሉኝ። ወጥቼ ደረጃው ላይ በንዴት አለቀስኩ። ምን ላድርግ፣ ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ!

ገና ደረሰ። የገና ጨዋታውን የማዘጋጀው እኔ ነኝ፤ ቦታውም ያው ሜዳ ነው። አለቃዬን በክብር እንግድነት ጠራኋቸው። ወንበር አዘጋጅቼላቸው ነበር፤ እሳቸው ግን ሁለቱ ቡድኖች ቆልማማ ዱላቸውን ይዘው፣ ሩሯን፣ ያቺን የእንጨት ኳስ፣ እያሳደዱ ሲራኮቱ ሲያዩ አላስቻላቸውም። ኮታቸውን አውልቀው ለእኔ አሸከሙኝና «እስቲ አንድ ዱላ አምጡ!» አሉ። የአንኮበር ልጅ ናቸው። «እኛ ገደል አፋፍ ላይ ነው የተማርነው፤ ሩሯን ከሳትናት አፋር ነበር የምትቆመው!» እያሉ ገቡ።

የገቡበት ቡድን ተሸነፈ። ያውም በእሳቸው ምክንያት። እግራቸው ሥር የመጣችላቸውን ሩር ስተው፣ አየር መትተው፣ ዘፍ ብለው በቂጣቸው ተቀመጡ። ሳቄን በገዛ ኮታቸው አፈንኩት።

አሸናፊዎቹ እንደ ወጉ ተሸናፊውን በግጥም መሞለጭ ጀመሩ። በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ አይደል? ታዲያ ሌላውን ሁሉ ሲሰድቡ እሳቸውን ዘለሏቸው። ፈሪ ሁላ! ደሜ ፈላ። ኮቱን እንደታቀፍኩ መሃል ገባሁና፦

«የእኛማ አለቃ ሆዱ መች ይሞላል፣
ቁርሱን ሜዳ በልቶ ለምሳው ሱቅ ሱቅ ይላል!»

እንጀራዬን በገዛ አፌ የዘጋሁ መሰለኝ። እሳቸው ሱሪያቸውን እያራገፉ መጡና ዱላቸውን ወደ እኔ ቀስረው፦

«ከዚች ሴት ምላስስ ውርጩ ይሻለኛል፣
እሱስ ፀሐይ ሲያይ ቶሎ ይተወኛል!»

ሕዝቡ በሳቅ ፈረሰ፤ እልልታው ቀለጠ። እኔም እንባዬ እስኪወርድ ሳቅሁ፤ እንዴት ደስ እንዳለኝ! እሳቸው ግን ሽንፈቱ አልወጣላቸውም። «ዱላው ጠማማ ሆኖብኝ እንጂ!» እያሉ አሸናፊዎቹ ላይ ፎከሩ። «ለከርሞ እዚሁ እንገናኝ፤ ያኔ ታያላችሁ!»

«ለከርሞማ እዚህ ሱቅ ነው፣ ጌታዬ» አልኳቸው። «የት ሊገጥሟቸው ነው? ባንኮኒ ላይ?»

ሜዳውን ከዳር እስከ ዳር ዞር ብለው አዩት። ከዚያ ኮታቸውን ከእጄ ተቀብለው፣ ደህና ዋይ እንኳን ሳይሉኝ ሄዱ።

በበዓሉ ማግስት ቢሮ አስጠሩኝ። አለቀልኝ ብዬ፣ ነጠላዬን አጣፍቼ፣ በሩ ላይ ቆምኩ። ቀና ብለው እንኳን አላዩኝም።

«ሱቁ ሌላ ቦታ ይሠራል፤ ሜዳው አይነካም» አሉኝ።

እግዜር ይስጥልኝ ልል አፌን ስከፍት ጣታቸውን አነሱብኝ።

«አንቺ ግን ለከርሞ ከእኔ ወገን ነሽ። እንዲህ ያለ ምላስ ለባላጋራ አይተውም።»