ስድስተኛዋ መስመር

ሥራዋን ለሰው ማስረዳት ታፍራለች፤ እኔ ላስረዳላት። ሌላ ሰው የጻፈውን የማሽን መመሪያ ትወስድና «አጥፋ» ያለውን «ዝጋ»፣ «ጠብቅ» ያለውን «ታገሥ»፣ «ወዲያውኑ» ያለውን «ሳትዘገይ» እያለች አዲስ አስመስላ ታወጣዋለች። በቃ፣ ይኸው ነው። ይሄም ሥራ ሆኖ ሰው ይቀጠርበታል? ይቀጠርበታል እንጂ! ሊፍቱ በማይሠራ ሕንፃ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ሰባት ሰዎች ይህንኑ ሲያደርጉ ይውላሉ። የጻፉት ድረ ገጽ ላይ ይወጣል፤ ሰው መመሪያ ፍለጋ ሲገባ ማስታወቂያ ያያል፤ አለቃቸውም በዚያ ይከብራል። ስለ ማሽኖቹ ቀኑን ሙሉ ይጻፉ እንጂ አብዛኞቹን በዓይናቸው አይተዋቸው አያውቁም።

ቢሮው «ሺ ቃል» ይላታል። ስሙን ያወጣላት አለቃዋ ነው፤ ለሙገሳ እንዳይመስላችሁ። «ሺ ቃል አላት፣ አንድም የራሷ የለም» አለ በሰው ፊት፣ ቢሮው በሳቅ ፈነዳ። እሷም አብራ ሳቀች። ምን ታድርግ! በየሦስት ወሩ የሚታደስ ውል ይዛ ሦስት ዓመት ሙሉ «የዛሬ ሳምንት ያባርሩኝ ይሆን?» እያለች የምትኖር ሰው በአለቃዋ ቀልድ ካልሳቀች በማን ቀልድ ትስቃለች?

ወንድሟ ግን ይህን አያውቅም። እናትና አባታቸው በልጅነታቸው ሲሞቱ እሱ ትምህርቱን አቋርጦ የስፌት መኪና ላይ ተቀመጠ፤ እሷን ዩኒቨርሲቲ ድረስ አስተማረ። ኋላ ላይ ስንት ዓመት አጠራቅሞ በኮምፒውተር የሚሠራ የጥልፍ ማሽን ገዛ። የፋብሪካ ሠራተኞች ቱታ ላይ የድርጅታቸውን ምልክት ይጠልፋል፤ ሚስቱም ሦስት ልጆቹም የሚያድሩት በዚያች ማሽን ነው። ደንበኛ በመጣ ቁጥር «እህቴ እኮ ጸሐፊ ናት» ይላል። አንድም ቀን አላረመችውም።

ታዲያ በቢሮው አንድ ቋሚ ቦታ ተከፈተ። ለቦታው ከተወዳደሩት የቀሩት ሁለት ናቸው፤ እሷና ጥግ ላይ የምትቀመጠው ጥፍረ ቀይ። የውድድሩ የመጨረሻ ቀን ላይ አለቃው ለእሷ የሰጣት የጥልፍ ማሽን ሶፍትዌር ማዘመኛ መመሪያ ነበር። ገና ስታየው አወቀችው፤ የወንድሟ ማሽን ነው። አሥር መስመር ብቻ። ቀላል ነገር!

እዚያ ቤት የተጻፈ ሁሉ በማጣሪያ ፕሮግራም ያልፋል። ሌላ ቦታ የተጻፈ ነገር ካገኘ በቀይ ይቀባዋል፤ አዲስ ከሆነ አረንጓዴ ያደርገዋል። አለቃው የመኪናውን ቁልፍ በጣቱ እያሽከረከረ ከኋላዋ ቆመ። «አንዲት ቀይ ካየሁ ቦታው የሷ ነው» አለ፣ በአገጩ ወደ ጥፍረ ቀይ እያሳየ።

ዘጠኙ መስመሮች አረንጓዴ ሆኑ። ስድስተኛዋ እምቢ አለች። «ስክሪኑ ለሃያ ደቂቃ ያህል ይጨልማል። ማሽኑ አልተበላሸም። በፍጹም እንዳታጠፉት» ትላለች። «ይጠቁራል» አለች፤ ቀይ። «ብርሃን ያጣል» አለች፤ ቀይ። ሃያ ደቂቃውን «የሰዓት ሲሶ» አለችው፤ አሁንም ቀይ! ለካ ከእሷ በፊት የገለበጡት ሁሉ ያለውን ቃል አሟጠው ጨርሰውታል፤ ለእሷ የተረፈ የለም።

«ምነው፣ ሺው ቃል ዛሬ አለቀ?» አለ አለቃው። ጥፍረ ቀይ ኪኪኪ አለች።

ደግሞስ ይህን ማን ያነበዋል? ሰው ባለሙያ ጠርቶ ነው የሚያሳድሰው። ወንድም ጋሼም ባለሙያ አለው። እንዲህ አለችና መስመሯን አጠፋቻት። ገጹ ከላይ እስከ ታች አረንጓዴ ሆነ። «እንዲህ ነው እንጂ!» አለ አለቃው፣ ሳያነበው።

ከሁለት ሳምንት በኋላ የቋሚነት ደብዳቤዋን ይዛ መጀመሪያ የሮጠችው ወንድሟ ጋ ነው። ደስታው ወሰን አጣ። እሷም ደስ ብሏት፣ አፏ አላርፍ ብሎ «ያንተን ማሽን መመሪያ እኮ የጻፍኩት እኔ ነኝ» አለችው። ምን ነክቷት ነው? መስመሯን ረስታት ነበር፤ እውነቴን ነው የምላችሁ፣ በሁለት ሳምንት ውስጥ ጭራሽ ረስታታለች።

ወር ሳይሞላ አንድ ቀን ከምሳ ስትመለስ ስልኳ ጮኸ።

«እታለም፣ ሥራ አስፈታሁሽ?»

«ኧረ በፍጹም! ምነው ወንድም ጋሼ፣ ድምፅህ?»

«ማሽኗን ላሳድስ ብዬ... ባለሙያው ሐሙስ እመጣለሁ አለኝ። ምን ባለሙያ አስጠበቀኝ፣ እህቴ ጽፋው! አልኩና ያንቺን አውጥቼ አንድ በአንድ ተከተልኩ። አምስተኛው ላይ ስደርስ ስክሪኑ ድርግም። አምስት ደቂቃ አየሁት፣ አሥር ደቂቃ አየሁት፣ ተቃጠለች ብዬ ደንግጬ አጠፋኋት። ከዚያ ወዲያ አልነሳም አለች። ባለሙያው አይቷት ሞታለች አለ፤ መለዋወጫዋም አይገኝም። ፋብሪካውም ቱታውን ለሌላ ሰጠ።»

ከኋላው የሚስቱ ድምፅ ይሰማል፤ «ባለሙያ ጥራ አላልኩህም? የማይችሉትን መነካካት! ልጆቼን ጦም አሳደርካቸው፣ አንተ ደንቆሮ!»

«እታለም፣ ደጋግሜ አነበብኩት» አለ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ያንቺ ጽሑፍ ጥርት ያለ ነው። እኔ ነኝ የሆነ ቦታ የሳትኩት። የት ጋ ይሆን?»

አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነበር የሚፈለግባት። ጥፍረ ቀይ ቀና ብላ አየቻት። አለቃው በክፍሉ የመስታወት ግድግዳ በኩል አየት አደረጋት።

«መታገሥ ነበረብህ፣ ወንድም ጋሼ» አለች። «ትንሽ መታገሥ።»

«ልክ ነሽ። ችኮላዬ መቼም...» አለና ወደ ሚስቱ ዞረ። «ሰማሽ? ጥፋቱ የኔ ነው። እሷ በደንብ ነው የጻፈችው።»

ከዚያ «እታለም፣ እንደው መሥሪያ ቤታችሁ የጥበቃ ሥራ ካለ ጠይቂልኝ። ሌሊትም ቢሆን አልመርጥም» አላት።

«እሺ፣ እጠይቅልሃለሁ» አለች።

ቦታ ነበር። በሩ አጠገብ ያለው የማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ተለጥፎ ስታልፍ ስታገድም ታየው ነበር። አልጠየቀችም። በየጠዋቱ በሩን እየከፈተ «ጸሐፊዋ እህቴ» ብሎ ለሰው ሁሉ ሲያስተዋውቃት ታያትና፣ አልቻለችም። በሳምንቱ ደውላ «ሞልቷል አሉኝ» አለችው። እሱም ስለ ልፋቷ አመሰገናት።